የአንድሮሜዳን ቤተሰብ ሰማይ ላይ እንዴት እናገኛለን? ደረጃ በደረጃ

ስለ ግሪክ አማልክትና ጀግኖች ወሬ በተነሳ ቁጥር የሚቀርብልኝ ጥያቄ አንድ ነው። «የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ናት የምትባለው አንድሮሜዳ ሰማይ ላይ አለች ይላሉ። ብፈልግ ብፈልግ አጣኋት። በየት በኩል ነው የማያት?»

አለች። እሷ ብቻም አይደለችም፤ አባቷ፣ እናቷ፣ ባሏ፣ ሊበላት የመጣው አውሬ፣ ክንፋሙ ፈረስ ሳይቀር አጠገብ ላጠገብ ናቸው። ብዙ ሰው የሚያጣቸው የያዘው ካርታ ለአውሮፓ ወይም ለአሜሪካ ሰማይ ስለተሠራ ነው። በእኛ አገር ሰማይ ላይ ቅርጾቹ ተገልብጠው ይታያሉ። መነሻውም ይለያል። ይህ መመሪያ በአዲስ አበባ አካባቢ ላለ ሰው የተዘጋጀ ነው። ውጭ አገር ላላችሁ የሚቀየረውን መጨረሻ ላይ አስቀምጫለሁ።

መጀመሪያ ታሪኩ

ታሪኩን ሳይዙ የወጣ ሰው የሚያየው ነጥብ ብቻ ነው። ስለዚህ ይህችን አንብባችሁ ውጡ።

ሴፌየስ የኢትዮጵያ ንጉሥ ነው፤ ካሲዮፔያ ሚስቱ ናት። ካሲዮፔያ «ከባሕር ልጃገረዶቹ ከኔሬይዶች እኔ እበልጣለሁ» ብላ በውበቷ ፎከረች። በአንዳንዱ አተራረክ የፎከረችው በልጇ በአንድሮሜዳ ውበት ነው። የባሕር አምላክ ፖሴይዶን ተቆጣና ጎርፍና የባሕር አውሬ ላከ። ሴፌየስ መላ ቢጠይቅ የአሞን (የግብፆች አምላክ) ንግርት «ልጅህን ለአውሬው ካልሰጠህ አይለቅህም» አለው። አንድሮሜዳ ባሕር ዳር ካለ ቋጥኝ ጋር በሰንሰለት ታሰረች።

ይሄኔ የዜውስና የዳናኤ ልጅ ፐርሴየስ የሜዱሳን ራስ ቆርጦ ሲመለስ ደረሰ። ያያት ሁሉ ድንጋይ የሚሆንባት ሜዱሳ፣ ራሷ በከረጢቱ ውስጥ አለ። ፐርሴየስ አውሬውን ገደለ፤ አንድሮሜዳን ፈትቶ አገባት። ፔጋሰስ የተባለው ክንፋም ፈረስ ደግሞ ሜዱሳ ስትታረድ ከአንገቷ የወጣ ነው።

ስድስቱን ስሞች በቃል ያዙ፦ ሴፌየስ፣ ካሲዮፔያ፣ አንድሮሜዳ፣ ፐርሴየስ፣ ፔጋሰስ፣ እንዲሁም አውሬው ሴተስ።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- ምንጣፍ ወይም ሰሌን። አንገትን ቀና አድርጎ መቆየት ከአምስት ደቂቃ በላይ አይቻልም። ተጋድሞ ማየት ነው የሚያዋጣው።
- ጋቢ ወይም ብርድ ልብስ። የኅዳርና የታኅሣሥ ሌሊት ደጋ ላይ ውርጭ አለው። የበረደው ሰው ቶሎ ይገባል።
- ባትሪ፣ መስታወቱ ላይ ቀይ ላስቲክ ወይም ቀይ ጨርቅ የታሰረበት። ቀይ ብርሃን ጨለማ የለመደውን ዓይን ብዙም አይረብሽም።
- ኮምፓስ። የስልካችሁ ይበቃል።
- ወረቀትና እርሳስ።
- ካገኛችሁ ባይኖኩላር፤ 7 በ50 ወይም 10 በ50 የሚባለው ጥሩ ነው። ከሌለ አትጨነቁ፤ ከደረጃ 7 በስተቀር ሁሉም በባዶ ዓይን ይሠራል፤ ደረጃ 7ም ቢሆን ጨለማ ቦታ ከሄዳችሁ ያለ ባይኖኩላር ይሆናል።

ቴሌስኮፕ አያስፈልግም። እንዲያውም ለዚህ ሥራ ይጎዳል፤ የሚያሳየው ትንሽ ቁራጭ ሰማይ ነው፤ የምንፈልጋቸው ቅርጾች ግን ግማሽ ሰማይ ይይዛሉ።

ማስጠንቀቂያ

- ከከተማ ወጥታችሁ ከሆነ ብቻችሁን አትሁኑ። ጅብ ባለበት አካባቢ ሜዳ ላይ አትጋደሙ፤ ግቢ ውስጥ ሁኑ። ለጥበቃ ወይም ለአካባቢው ሰው አስቀድማችሁ ተናገሩ። በሌሊት ባትሪ ይዞ ሜዳ ላይ የሚዞር ሰው ያስጠረጥራል።
- ጣሪያ ወይም ሰገነት ላይ ከወጣችሁ ተቀመጡ፣ ተጋደሙ እንጂ ወደ ላይ እያያችሁ አትራመዱ። ልጆች ካሉ መከለያ የሌለው ጣሪያ ላይ ጨርሶ አትውጡ።
- ባይኖኩላሩን ለልጅ ሰጥታችሁ በቀን አትተዉት። በባይኖኩላር ፀሐይን ማየት ዓይንን ለዘለቄታው ያጠፋል።
- ኮከብ ለማመልከት ሌዘር አትጠቀሙ። የአውሮፕላን አብራሪን ዓይን ሊያሳውር ይችላል።

ደረጃ 1፦ ወሩንና ሰዓቱን ምረጡ

እዚህ ላይ የተሳሳተ ሰው ሌላውን ሁሉ በትክክል ቢያደርግም ምንም አያገኝም። ስድስቱ ባንድ ላይ ጥሩ ሆነው የሚታዩት እንዲህ ነው፦

- ጥቅምት አጋማሽ፦ ከምሽቱ 5 ሰዓት ገደማ
- ኅዳር አጋማሽ፦ ከምሽቱ 3 ሰዓት ገደማ
- ታኅሣሥ አጋማሽ፦ ከምሽቱ 1 ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት

ሰዓቱ በየወሩ በሁለት ሰዓት የሚቀንሰው እያንዳንዱ ኮከብ በየቀኑ 4 ደቂቃ ያህል ቀድሞ ስለሚወጣ ነው። የአራት ደቂቃዋ ነገር በ30 ቀን ሁለት ሰዓት ትሞላለች። ስለዚህ ለሌላ ቀን ራሳችሁ ማስላት ትችላላችሁ።

የእኔ ምርጫ ኅዳር ነው። ክረምቱ አልፏል፣ ሰማዩ ጠርቷል፣ ሰዓቱም ለልጆች አይመሽም። በሐምሌና በነሐሴ አትድከሙ፤ ደመናው አያሳይም።

ጨረቃንም አስሉ። ሙሉ ጨረቃ ፀሐይ ስትገባ ትወጣና ሌሊቱን ሙሉ ደካማ ኮከቦችን ትውጣለች። ከሙሉ ጨረቃ አምስት ቀን ያህል ቆይታችሁ ውጡ፤ ያኔ አመሻሹ ላይ ጨረቃ የለችም።

ደረጃ 2፦ ቦታ ያዙና ዓይናችሁን አስለምዱ

ሰሜኑ ክፍት የሆነ ቦታ ፈልጉ። ካሲዮፔያና ሴፌየስ በሰሜን በኩል ዝቅ ብለው ስለሚታዩ የጎረቤት ፎቅ ሊሸፍናቸው ይችላል። አዲስ አበባ ውስጥ በተለይ እንጦጦ ሥር ከሆናችሁ ተራራው ዝቅ ያለውን ሰማይ ስለሚጋርደው ወደ ደቡብ ራቅ በሉ።

በኮምፓስ ሰሜንን ለዩ። የግቢ መብራት አጥፉ። ስልካችሁን ኪስ ውስጥ ክተቱ። ከዚያ ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ጠብቁ። ዓይን ጨለማን ሙሉ በሙሉ የሚለምደው ቀስ ብሎ ነው። መሀል ላይ አንድ ጊዜ ስልክ ካበራችሁ ጥበቃው እንደገና ከመጀመሪያ ይጀምራል።

ከዚያ እግራችሁን ወደ ሰሜን አድርጋችሁ ተጋደሙ። እንዲህ ስትሆኑ ምሥራቅ በቀኛችሁ፣ ምዕራብ በግራችሁ ይሆናል። ከዚህ በኋላ «ቀኝ»፣ «ግራ»፣ «ወደ ታች» የምለው ሁሉ በዚህ አተኛኘት ነው። «ወደ ታች» ማለት ወደ እግራችሁ፣ ወደ ሰሜን አድማስ ማለት ነው።

ደረጃ 3፦ መለኪያችሁን እወቁ

ክንዳችሁን ሙሉ በሙሉ ዘርጉና ጡጫ ጨብጡ። ጡጫችሁ የሚሸፍነው የሰማይ ስፋት 10 ዲግሪ ያህል ነው። ለልጅም ይሠራል፤ ጡጫው ትንሽ ቢሆንም ክንዱም አጭር ነው። ርቀቱን በጡጫ ካልለካችሁ መጽሐፍ ላይ ያለው ቅርጽ ምን ያህል ትልቅ እንደሆነ አታውቁም። ሰው ሁሉ ትንሽ ነገር ይፈልጋል፤ እውነተኛው ግን በጣም ሰፊ ነው።

ደረጃ 4፦ የፔጋሰስን አራት ማዕዘን አግኙ

ሁሉም ነገር የሚጀምረው ከዚህ ነው። ብዙ መመሪያ ከካሲዮፔያ ጀምሩ ይላል። ለሰሜን አገሮች ልክ ነው፤ እሷ እዚያ ከፍ ብላ ዓመቱን ሙሉ ትታያለች። እኛ ጋ ዝቅ ያለች ስለሆነች ጭጋግና የከተማ መብራት ይጋርዳታል። አራት ማዕዘኑ ግን አናታችን ላይ ነው፤ አየሩ ከሁሉም ይልቅ የሚጠራው እዚያ ነው።

አናታችሁ ላይ፣ ትንሽ ወደ ሰሜን ዘንበል ብሎ፣ አራት መካከለኛ ብርሃን ያላቸው ኮከቦች ታገኛላችሁ። እያንዳንዱ ጎን አንድ ጡጫ ተኩል ያህል ነው። ምልክቱ መሀሉ ባዶ መሆኑ ነው፤ በከተማ ሰማይ ውስጡ ምንም ኮከብ ላይታይ ይችላል።

ይህ የፈረሱ አካል ነው። በሰማይ ላይ የሚሣለው የፊት ግማሹ ብቻ ነው።

አራቱን ማዕዘኖች በዓይናችሁ ለዩ። በስተቀኝ በታች ያለው አልፌራትዝ ነው። ከእሱ በላይ፣ በስተቀኝ ያለው አልጌኒብ ነው። በስተግራ ያሉት ሁለቱ ሺያትና ማርካብ ናቸው፤ ሺያት የታችኛው ነው። አልፌራትዝንና አልጌኒብን የሚያገናኘውን የቀኝ ጎን በደንብ ያዙት፤ ከዚህ በኋላ ካሲዮፔያንም፣ የሰሜን ኮከብንም፣ አውሬውንም የምናገኘው በእሱ ነው።

ደረጃ 5፦ ከአልፌራትዝ ወደ አንድሮሜዳ

አልፌራትዝ ከአራት ማዕዘኑ ጋር ቢቆጠርም የአንድሮሜዳ ራስ ነው። ከእሱ ተነስታችሁ ወደ ቀኝና ወደ ታች፣ ማለትም ወደ ሰሜን ምሥራቅ፣ ሂዱ። አንድ ጡጫ ተኩል ያህል ስትሄዱ ሚራክን ታገኛላችሁ፤ ወገቧ ነው። በዚያው አቅጣጫ ከአንድ ጡጫ ትንሽ በለጥ ብሎ አልማክ አለ፤ እግሯ ነው።

ሦስቱ ኮከቦች ብርሃናቸው ተቀራራቢ ነው። የምታረጋግጡትም በዚህ ነው፦ ሦስቱ በአንድ መስመር ላይ፣ በተቀራራቢ ርቀት፣ በተቀራራቢ ብርሃን። አንዱ ከሌሎቹ በጣም ከደመቀ መስመር ስታችኋል ማለት ነው፤ ወደ አልፌራትዝ ተመለሱ።

ብዙ ሰው እዚህ ሲደርስ «በቃ ይህች ናት?» ይላል። አዎ፣ እጆቿ ታስረው የተጋደመች ልጅ ናት። ታሪኩን ለልጆች ማውራት የምትጀምሩት እዚህ ነው። ከእናትየው ፉከራ ብትጀምሩ ልጆቹ ካሲዮፔያን ወዲያው ማየት ይፈልጋሉ፤ እሷ ደግሞ ገና አልተገኘችም።

ደረጃ 6፦ ካሲዮፔያ፣ የሰሜን ኮከብና ሴፌየስ

ከአልጌኒብ ወደ አልፌራትዝ የሚሄደውን ጎን በሐሳባችሁ ወደ ታች አስረዝሙት። ከአልፌራትዝ ሦስት ጡጫ ስትወርዱ የካሲዮፔያ የግራ ጫፍ ኮከብ ላይ ትደርሳላችሁ። ከዚያ ወደ ቀኝ አራት ኮከቦች እየወጡ እየወረዱ ይከተላሉ።

ቅርጿ ላይ ጥንቃቄ አድርጉ። ከውጭ የሚመጡ መጻሕፍት ባብዛኛው የ«ሠ» ዓይነት ቅርጽ አድርገው፣ ጫፎቿ ወደ ላይ ቀና ብለው ያሳዩአታል። በኢትዮጵያ ሰማይ ላይ ከፍ ብላ ስትታይ ግን የ«ጠ» ዓይነት ናት፤ ጫፎቿ ወደ ታች ናቸው። «ሠ» የምትመስለው ከሰሜን ኮከብ በታች ስትሆን ነው፤ እዚህ አገር ያኔ ከአድማስ በታች ናት። ስትወጣና ስትጠልቅ ደግሞ በጎኗ ትጋደማለች። በትክክለኛው ሰዓት ወጥቶ «ሠ»ን የሚፈልግ ሰው ፊት ለፊቱ ያለችውን ያልፋታል።

ያንኑ መስመር ከካሲዮፔያ ግራ ጫፍ ሦስት ጡጫ ወደ ታች ብታስቀጥሉት የሰሜን ኮከብ ላይ ያደርሳችኋል። አዲስ አበባ ላይ ከአድማስ 9 ዲግሪ ብቻ ከፍ ይላል፤ አንድ ጡጫ እንኳ አይሞላም። ባታዩት አትገረሙ።

አሁን ንጉሡ። ከካሲዮፔያ የግራ ጫፍ ወደ ግራ ተመልከቱ። አምስት ኮከቦች ጣሪያው የሾለ ቤት ይሠራሉ። ጣሪያው ወደ ሰሜን ኮከብ ስለሚያመለክት እኛ ጋ ቤቱ የተገለበጠ ነው። ደማቁ ኮከብ አልደራሚን ሲሆን ከካሲዮፔያ ጫፍ ሁለት ጡጫ ያህል ይርቃል። የቀሩት ደከም ያሉ ናቸው። ሴፌየስ ከስድስቱ ሁሉ ለማግኘት የሚከብደው ነው፤ ወደ ምዕራብ ቀድሞ የሚጠልቀውም እሱ ነው። ስለዚህ በታኅሣሥ ከወጣችሁ ይህን ደረጃ አታቆዩት፤ ገና እንደጨለመ ሥሩት።

ደረጃ 7፦ የአንድሮሜዳ ጋላክሲ

ወደ ሚራክ ተመለሱ። ከሚራክ ወደ ታች፣ ወደ ካሲዮፔያ አቅጣጫ፣ ትንሽ ወደ ግራ ዘንበል በሉ። አንድ ደከም ያለ ኮከብ አለ። በዚያው አቅጣጫ፣ በዚያው ርቀት፣ ይበልጥ የደከመ ሁለተኛ አለ። ከሁለተኛው አጠገብ በስተግራ የተድበሰበሰ፣ ሞላላ የብርሃን ጭላንጭል ካያችሁ ደርሳችኋል።

ኮከብ አይደለም። ሌላ ጋላክሲ ነው፤ 2.5 ሚሊዮን የብርሃን ዓመት ይርቃል። ዛሬ ማታ ዓይናችሁ የሚገባው ብርሃን የተነሳው ከ2.5 ሚሊዮን ዓመት በፊት ነው።

ቀጥታ አፍጥጣችሁ ካያችሁት ይጠፋል። ትንሽ ወደ ጎን እያያችሁ በዓይናችሁ ጠርዝ ተመልከቱት። ደካማ ብርሃንን የሚይዙት የዓይን ሕዋሶች ከመሀል ይልቅ ዙሪያው ላይ ስለሚበዙ ነው። ከከተማ ባይኖኩላር ያስፈልጋል።

ደረጃ 8፦ ፐርሴየስና የሜዱሳ ራስ

አልፌራትዝ፣ ሚራክ፣ አልማክ ብላችሁ በመጣችሁበት መስመር አንድ ጡጫ ተኩል ቀጥሉ። የምታገኙት ሚርፋክ ነው፤ የፐርሴየስ ዋና ኮከብ። ጀግናው ከታሰረችው ልጅ እግር ሥር ቆሟል።

ከሚርፋክ አንድ ጡጫ ያህል ወደ ላይ አልጎል አለ። ሚርፋክ፣ አልማክና አልጎል ሦስት ማዕዘን ይሠራሉ፤ በዚህ አረጋግጡ። አልጎል ፐርሴየስ በእጁ የያዘው የሜዱሳ ራስ ነው።

ይህ ኮከብ ብርሃኑን ይቀያይራል። አብዛኛውን ጊዜ ከአልማክ ጋር እኩል ይደምቃል። በየ2 ቀን ከ20 ሰዓት ከ49 ደቂቃው ግን በግልጽ ይደክማል፤ ደክሞ እስኪመለስ 10 ሰዓት ያህል ይፈጃል። ምክንያቱም ሁለት ኮከቦች እርስ በርስ ስለሚዞሩ፣ ደብዛዛው በደማቁ ፊት ሲያልፍ ይጋርደዋል።

ራሳችሁ ልታዩት ትችላላችሁ። በየምሽቱ አልጎልን ከአልማክ ጋር አነጻጽሩና «እኩል» ወይም «ያነሰ» ብላችሁ ከነሰዓቱ ጻፉ። አንድ ምሽት 5 ሰዓት ላይ በጣም ደክሞ ካገኛችሁት ከሦስት ቀን በኋላ ወደ 2 ሰዓት ገደማ ጠብቁት፤ በየሦስት ቀኑ ሦስት ሰዓት ያህል ይቀድማል። ከሁሉም ደረጃዎች ልጆችን የሚይዘው ይሄ ነው፤ የሜዱሳ ዓይን ሲጨፈን አዩ ማለት ነው።

ደረጃ 9፦ አውሬው

ተነሱና ወደ ደቡብ ዙሩ። አሁን ምሥራቅ በግራችሁ ሆነ። ያንኑ የአራት ማዕዘኑን ጎን፣ ከአልፌራትዝ በአልጌኒብ በኩል፣ ወደ ደቡብ አስረዝሙት። ከአልጌኒብ ከሦስት ጡጫ ትንሽ በለጥ ብሎ፣ ከመስመሩ ጥቂት ወደ ግራ፣ ብቻውን የቆመ ኮከብ አለ። ዲፍዳ ነው፤ የሴተስ ጅራት።

ራሱ ወደ ምሥራቅ ነው። ሰባቱ ከዋክብት የሚባሉትን የተሰበሰቡ ትንንሽ ኮከቦች በምሥራቅ ካገኛችሁ ከእነሱ ሁለት ጡጫ ያህል ወደ ቀኝ፣ ጥቂት ከፍ ብሎ መንካር ይታያል። በዲፍዳና በመንካር መካከል ያለው ሰፊ ሰማይ ሁሉ የአውሬው አካል ነው።

ብዙ ጊዜ የሚሠሩ ስህተቶች

*ፎማልሃውትን ዲፍዳ ማለት።* ደቡብ ላይ ከዲፍዳ በጣም የሚደምቅ ኮከብ በስተምዕራብ፣ ዝቅ ብሎ አለ። የአራት ማዕዘኑን ሌላኛውን ጎን፣ ሺያትንና ማርካብን፣ ካስረዘማችሁ የምትደርሱት እሱ ጋ ነው። የተሳሳተ ጎን ይዛችኋል።

*ካፔላን ሚርፋክ ማለት።* በሰሜን ምሥራቅ ዝቅ ብሎ በጣም የሚያበራ ኮከብ ካያችሁ ካፔላ ነው። ሚርፋክ ከእሱ በላይ ነው፣ ያን ያህልም አይደምቅም።

*ፕላኔትን መቁጠር።* ካርታው ላይ የሌለ፣ የማይርገበገብ ደማቅ ነጥብ ካለ ፕላኔት ነው። ከዓመት ዓመት ቦታውን ስለሚቀይር ምልክት አታድርጉት።

*ስልክን መጀመሪያ ማውጣት።* እንደ ስቴላሪየም ያለ መተግበሪያ ጥሩ ነው፤ ግን ከሞከራችሁ በኋላ ለማረጋገጫ ተጠቀሙበት። የስልክ ኮምፓስ ሲስት ካርታውን ሁሉ ያዞረዋል፤ አራት ማዕዘኑን በዓይኑ የማያውቅ ሰው መሳሳቱን አይደርስበትም።

*ፐርሴየስን ፔጋሰስ ላይ ማስቀመጥ።* በጥንቶቹ የግሪክ ታሪኮች ፐርሴየስ የሚበረው ክንፍ ባለው ጫማ ነው። ፔጋሰስን የጋለበው ጀግና ቤሌሮፎን ነው። ለልጆች ስትነግሩ አትቀላቅሉት።

*የሴፌየስን አገር ከዛሬው ካርታ ጋር አንድ ማድረግ።* ግሪኮች «ኢትዮጵያ» ብለው የጠሩት ከግብፅ በስተደቡብና ከዚያም ወዲያ ያለውን ሰፊ ምድር ነው። ከጥንት ጸሐፊዎች አንዳንዶቹ ደግሞ አንድሮሜዳ የታሰረችበትን ቋጥኝ ያፎ፣ ከዛሬዋ ቴል አቪቭ አጠገብ ያደርጉታል።

ውጭ አገር ላላችሁ

በባሕረ ሰላጤው አገሮች፦ በዱባይም በሪያድም አራት ማዕዘኑ በትክክል አናታችሁ ላይ ነው። እግር ወደ ሰሜን አድርጎ መተኛት እዚያም ይሠራል። ካሲዮፔያ ከፍ ብላ ትታያለች፤ ከአድማስ አምስት ጡጫ ተኩል ያህል።

በእስራኤል፦ አራት ማዕዘኑ ከአናት ትንሽ ወደ ደቡብ ያዘነብላል። እሱን ስትፈልጉ እግራችሁን ወደ ደቡብ አድርጉ። ያኔ ምሥራቅ በግራ ስለሚሆን አልፌራትዝ በስተግራ በላይ ያለው ማዕዘን ነው። ወደ ካሲዮፔያ ስትሻገሩ ዙሩ።

በዋሽንግተን አካባቢና በአውሮፓ፦ አራት ማዕዘኑን ወደ ደቡብ ዞራችሁ ፈልጉ፤ አልፌራትዝ እንደ እስራኤሉ ግራ በላይ ነው። ዋሽንግተን ላይ አልማክ አናት ላይ ይደርሳል። ካሲዮፔያ አትጠልቅም፤ ስለዚህ እዚያ ከእሷ መጀመርም ይቻላል፣ በሌሎች ወራትም «ሠ»ን ሆና ታገኟታላችሁ። ዲፍዳ ግን ዝቅ ስለሚል ደቡቡ ክፍት የሆነ ቦታ ፈልጉ። ሰዓቱ በኅዳር አጋማሽ በአገሩ አቆጣጠር ከምሽቱ 9 ሰዓት ገደማ ነው።